በሁለት ደወል መካከል

የአገሩን ስም አልነግራችሁም። ብነግራችሁ ከመካከላችሁ አንዱ «እኔ እኮ እዚያ ኖሬያለሁ፤ እንዲህ ያለ ነገር የለም» ብሎ ወሬዬን ያበላሽብኛል። ስለዚህ ወንዝ ያለበት፣ ኮረብታ ያለበት፣ ገበያው ቅዳሜ የሚቆም አገር ነው በሉና ተከተሉኝ። እኔ ቢሻው እባላለሁ። አምስተኛ ክፍል በር ላይ ደርሼ የተመለስኩ ሰው ነኝ፤ በሩ ጠቦኝ አይደለም፣ መምህሩ ጠቦኝ ነው። ፊደል ግን አውቃለሁ። ከማውቀውም በላይ እጽፋለሁ።

እናንተ ዘንድ «የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ» ይባላል። ይባላል እንጂ ማንም ለቃሉ ሲል ልጁን ሲያጠፋ አላየሁም። እዚያ አገር ግን ነገሩ ተረት አልነበረም፣ ሕግ ነበር። ሦስት ሰው የሰማው ቃል ሁሉ ይጸናል። «ሰጥቼሃለሁ» ካልክ ሰጥተሃል። «አግብቼሻለሁ» ካልክ አግብተሃል። አንድ ሰውዬ እንቅፋት መትቶት «ምነው ባልተፈጠርኩ» የሚል ቃል አመለጠው። ከዚያ ወዲያ ጎረቤቶቹ ሰላምታ ነፈጉት፤ ክፉ ሆነው ሳይሆን ላልተፈጠረ ሰው «እንዴት ዋልክ» አይባልም ብለው ነው።

ከብዙ ዘመን በፊት ቲያትር የሚያሳዩ ሰዎች በዚያ ሲያልፉ ሳያጣሩ ድንኳን ተከሉ አሉ። አንዱ መድረክ ላይ ወጥቶ «እኔ ንጉሣችሁ ነኝ» አለ። ሰሚው ከሦስት በላይ ስለነበር እስኪሞት የላይኛውን ሰፈር ሲገዛ ኖረ። ከእሱ በፊት ከነበሩት ሁሉ ይሻል ነበር ይላሉ። አብራው የምትጫወተው ሴት ደግሞ «ሞትኩ» ብላ ወደቀች። እሷን እኔም ደርሼባታለሁ። ግብር አትከፍልም፤ በየዓመቱ የራሷን ሙት ዓመት ትደግሳለች፤ ጠላዋ ጥሩ ነው። ከዚያ በኋላ ትወና በአዋጅ ተከለከለ።

የእኔ ጣጣ የጀመረው በኮረብታው ነው። እኔ መዋሸት አልወድም፤ ማስጌጥ ነው የምወደው። አንድ ቅዳሜ ገበያ መሐል ቆሜ «ኮረብታው ማታ ወደ እኛ አንድ ክንድ ተጠግቷል» አልኩ። ሰው እንዲስቅልኝ ነበር። የሳቀ የለም። ሰምተውኛል፤ ቃሉ ጸና። ሹማምንቱ መጠጋቱን ተቀብለው ከኮረብታው ሥር ያሉትን ሱቆች አንድ ክንድ ወደ ኋላ አስነሱ። ኮረብታው ዳግም እንዳይንቀሳቀስ የሚጠብቁ ዘበኞች ቀጠሩ፤ ለዘበኞቹም ጓንጉል የሚባል አለቃ ሾሙ። ኮረብታው ከዚያ ወዲህ ንቅንቅ ስላላለ ሥራቸውን በትጋት ይወጣሉ ተብለው ሲመሰገኑ ኖረዋል። እኔን ግን ሸንጎው አስቀርቦ፣ ሌላም ነገር እንዳላንቀሳቅስ ሰግቶ «ቃለ ባዶ» አለኝ።

ቃለ ባዶ ማለት የሚናገረው ከቁም ነገር የማይቆጠር ሰው ነው። አይመሰክርም፣ አይገዛም፣ አይሸጥም፣ አያገባም። ከዚህ መውጫው አንድ ነው፦ «ከእንግዲህ አላስጌጥም» ብሎ መማል። የቃለ ባዶ መሐላ ደግሞ አይጸናም። ሕጉን ያረቀቀው ሰውዬ ይህን ሲነግሩት በጣም ደስ አለው ይባላል።

ያም ሆኖ ቃለ ባዶም ይበላል። ስለዚህ ከጎረቤቶቹ አንዱ «አፍ» ሆኖ ይመደብለታል። ለእኔ የደረሰችኝ አፍ አንጓች ናት። የቃጫ ገመድ እየገመደች የምትሸጥ፣ ከባሏ ከተፋታች የቆየች፣ ሳቋን እንደ ጾም ቅቤ የምትቆጥብ ሴት ናት። ቅዳሜ ቅዳሜ አብረን ገበያ እንወርዳለን። እኔ በጆሮዋ ሹክ እላታለሁ፤ እሷ ድምጿን ከፍ አድርጋ «እኔ ሽንኩርት እፈልጋለሁ፤ ይሄኛው ግን በስብሷል» ትላለች። «እኔ» ስትል እኔን ማለቷ ነው። አፍ ሆና ሳለች በራሷ ስም መናገር አይፈቀድላትም።

ብዙ ዓመት እንዲህ ኖርን። መጀመሪያ አላስተዋልኩትም። «ደክሞኛል፣ እንቀመጥ» ስትልልኝ ድካሙ ይለቀኛል። አንድ ቀን ሽንኩርት ሻጯ እትዬ ዳሳሽ ስትሰድበኝ አንጓች ሳልነግራት «እኔ እንዲህ አይባልልኝም» አለች፤ ሰው እንዲህ ተቆጥቶልኝ አያውቅም ነበር፣ ለዚያውም በራሴ ስም። ያን ቀን ገባኝ፤ ይህችን ሴት እፈልጋታለሁ።

ልጠይቃት ብል ቃሌ አይቆጠርም። በአፌ ላስጠይቃት ብል አፌ ራሷ ናት። ሽማግሌ ልላክ ብል መላክም ቃል ይፈልጋል። «ማግባት እፈልጋለሁ» ብላ ለራሷ ተናግራ፣ ማን ይመልስላት? ነገሩ ሳይነገር ከረመ። አንዲት እንግዳ ሴት ከወንዝ ማዶ የመጣችው በዚህ መሐል ነው።

ጽላት ትባላለች። ጸጉሯ አጭር፣ ኪሷ ሁልጊዜ ቆሎ። በጭነት መኪና ካሜራ ጭና መጣችና ፊልም ልሠራ ነው ብላ ሸንጎው ፊት ቀረበች።

«ስለ ምንድን ነው ፊልሙ?» አሉ የሸንጎው ሰብሳቢ።

«ስለ ትወና፣ ስለ ፍላጎት፣ ስለ ማንነት።»

ሰብሳቢው ጎናቸው ወደተቀመጠው ጸሐፊ ዘንበል አሉ። «ከሦስቱ ቀረጥ ያለበት የትኛው ነው?»

«ፍላጎት ይመስለኛል» አለ ጸሐፊው።

«ፍላጎት ይቀረጥ፤ ሌሎቹ ይለፉ። ታሪኩስ፣ ልጄ? መጨረሻው ላይ ማን ይሞታል?»

«ታሪክ የለውም። መጨረሻውንም ስደርስበት ነው የማውቀው።»

ሰብሳቢው አሰቡ። ማዶ ያለው አገር ሁለት ፊልም አለው እየተባለ ይወራ ነበር። እኛ አንድም አልነበረንም። «ይሁን» አሉ። «ግን የተናገሩት እንዳይጸናብን መላ ይፈለግ፤ የንጉሡ ነገር እንዳይደገም።»

መላው እንዲህ ሆነ። ከአንድ የእርሻ በሬ አንገት ላይ ደወል ተፈታ። ጓንጉል ከኮረብታው ተነሥቶ ሊቀ ደወል ተባለ። አዋጁም ወጣ፦ ከመጀመሪያው ደወል እስከ መጨረሻው ደወል የተነገረ ቃል አይጸናም፤ የመጨረሻው ደወል የሚደወለውም የመጨረሻው ተናጋሪ ቃሉን ተናግሮ ሲያበቃ ነው። ይህን ሲያረቅቁ ዋሉ። የት የተነገረ ቃል እንደሆነ ግን መጻፉን ረሱት። ማንም ልብ አላለም። እኔ ልብ ብዬ ነበር ብላችሁ ብታምኑኝ ደስ ባለኝ፤ ግን አላልኩም።

ቀረጻው ከገበያው በታች ባለው ሜዳ ተጀመረ። ጽላት ጽሑፍ የላትም። ያገኘችውን ሰው ጠርታ ሌላ ሰው ታደርገዋለች። ሥጋ ሻጩን ሙሽሪት አደረገችው፤ ሲያፍር አየነው፣ ለካ ማፈር ያምርበታል። ዳኛ ወንድይፍራውን ሌባ አደረገቻቸው። እኚህ ሰው ፈገግ ሲሉ ጥርሳቸውን ያየ አልነበረም፤ ያን ቀን የሰው ዶሮ ብብታቸው ሥር ደብቀው ሲሮጡ እንደ ልጅ ይስቁ ነበር። ደወሉ ተደውሎ ሲያበቃ ዶሮዋን ለመመለስ ትንሽ አንገራገሩ።

ወሬው ተሰማና ሰው ለመቀረጽ ይሰለፍ ጀመር። ለትወና ብቻ መስሏችሁ ከሆነ ተሳስታችኋል። ዕድሜ ልክ የማይጸና ቃል አጥተው የኖሩ ሰዎች ናቸው። አንድ ቄጠማ ሻጭ ካሜራው ፊት ቆሞ «እኔ መርከበኛ መሆን ነው የምፈልግ» ብሎ ወርዶ ወደ ቄጠማው ተመለሰ። ባልና ሚስት ወጥተው እስኪበቃቸው ተዘላለፉና እጅ ለእጅ ተያይዘው ቤታቸው ገቡ። አንዲት አሮጊት ደግሞ ማንም የማያውቀውን የወንድ ስም አንድ ጊዜ ጠርታ፣ አመስግና ሄደች። ጓንጉል ፊትና ኋላ እየደወለ ክንዱ ዛለ።

አንድ ቀን ጽላት ወደ እኔ መጣች። ቆሎዋን እየቆረጠመች ከእግር እስከ ራሴ አየችኝ።

«አንተ ቢሻውን ትጫወታለህ» አለችኝ።

«ቢሻው እኮ እኔ ነኝ።»

«እሱን እናያለን።»

ሞከርኩ። አልሆነልኝም። ተራመድ ስትለኝ እግሬ የሰው እግር ሆነብኝ። ተናገር ስትለኝ ድምፄ ከጎረቤት የተዋስኩት መሰለ። ዳኛ ወንድይፍራው ዳር ቆመው ሲያዩኝ ቆይተው «ፍቀዱልኝማ» ብለው ገቡ፤ ትከሻቸውን ሰበር አድርገው፣ አንድ ዓይናቸውን አጥብበው «ኮረብታው ማታ ተጠግቷል» አሉ። ሜዳው በሳቅ አለቀ። «ይሄ ነው ቢሻው ማለት» አለ ሰው። አንጓችም ሳቀች። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ከፋኝ። ሰው የሌለውን ነገር ሲሰርቁት አይከፋውም፤ እኔ ግን ለካ የሚሰረቅ ነገር ነበረኝ።

ጽላት አልሳቀችም። «እሳቸው የሚጫወቱት ሰው የሚያውቀውን ቢሻው ነው» አለችኝ። «ነገ አንጓችን ከፊትህ አቆማታለሁ። አንጓች ሆና። ከማንም የደበቅኸውን ትነግራታለህ። እሷ ትመልስልሃለች። የእሷ መልስ የመጨረሻው ቃል ነው፤ ከዚያ ፊልሙ ያልቃል።»

«ምን ደበቅሁ?»

«እሱን የምታውቀው አንተ» አለችና ሄደች። እንግዳ ሰው አንዳንዴ ነገሩን ከባለቤቱ ቀድሞ የሚያየው ሌላውን ነገር ስለማያውቅ ይመስለኛል።

በነጋታው ሜዳው ጢም አለ። አንጓች ነጠላዋን አጣፍታ ከፊቴ ቆመች። ጓንጉል ደወለና የደወሉን ምላስ በሁለት ጣቱ ይዞ ጠበቀ።

እንደ ልማዴ በማስጌጥ ጀመርኩ። ጨረቃ የእኔ ጭሰኛ እንደነበረች፣ ግማሽ ግማሹን እየገበረችልኝ በየወሩ የምትጎድለው በዚህ ምክንያት መሆኑን፣ ከዛሬ ጀምሮ ለአንጓች ሙሉዋን እንደማስረክባት ተናገርኩ። ሰው ተደሰተ። አንጓች ግን ታየኛለች፤ ገበያ ላይ ሹክ ሳልላት ስዘገይባት እንደምታየኝ ዓይነት። ጌጡ አለቀብኝ።

«አንጓች» አልኳት፣ «ቅዳሜ ሲደርስ ደስ ይለኛል። ገበያ ወድጄ አይደለም። የምፈልገውን ሁሉ አንቺ ስትናገሪው ነው እኔም የምሰማው። ይህን አንድ ነገር ግን ሹክ ልልሽ አልቻልኩም። አብረን እንኑር።»

ከዚያ በኋላ የሆነ ነገር የለም። አንጓች አፏን ከፈተች። ዘጋችው። ነፋስ ነጠላዋን ገለጠው፤ መለሰችው። ከሩቅ አህያ ጮኸች። ጽላት ከካሜራው ዓይኗን አላነሣችም፤ የፊልሙ ጥቅል አለቀ፣ ሌላ አጎረሰችው፣ እሱም አለቀ። ጓንጉል የደወሉን ምላስ ሳይለቅ «ይሄ መልስ ነው?» ብሎ ጠየቀ። «አይደለም» አሉት። ፀሐይ ስትጠልቅ አንጓች «ደህና እደሩ» ብላ ቤቷ ገባች። ጓንጉል «ደህና እደሩ» ለደወል ይበቃ እንደሆነ ዳኛውን ጠየቀ፤ ዳኛው «ለጥያቄው አልመለሰችም» አሉ። ደወሉ ሳይደወል ቀረ።

የአዋጁ ጉድለት የታወቀው በማግስቱ ነው። ዳኛ ወንድይፍራው አንድ ሌባ ላይ ሲፈርዱ ሌባው እጁን አወጣና «ጌታዬ፣ ለመሆኑ ደወሉ ተደወለ እንዴ?» አላቸው። ዳኛው አዋጁን አስነብበው አዳመጡ። ሜዳ የሚል የለበትም። ፊልሙ አላለቀም፤ እንግዲያው አገሩ በሙሉ ፊልሙ ውስጥ ነው። ሌባው እያመሰገነ ወጣ።

ከዚያማ ጉድ ፈላ። አንድ ሙሽራ «አግብቼሻለሁ» አለ፤ ድግሱ ተበላ፤ ጋብቻው ግን አልጸናም፤ ሁለቱም ወደየእናታቸው ተመለሱ። የተወለደ ሕፃን ስም አልያዝ አለውና «ይሄኛው» እየተባለ ሰነበተ። የሸንጎው ሰብሳቢ በየጠዋቱ በረንዳ ላይ ወጥተው «ሥልጣኔን ለቅቄያለሁ» ይሉ ጀመር፤ በእርግጥ ሊለቁ አስበው ሳይሆን ቃሉ አፍ ላይ ደስ ስለሚል ነው። የኮረብታው ዘበኞች ሳይቀሩ ወደ ሸንጎው መጥተው ኮረብታው ስለ መጠጋቱ ጥርጣሬ እንዳላቸው አመለከቱ።

ሰው ሁሉ እንደ እኔ ቃለ ባዶ ሆነ። ባለ ልምድ ነው ብለው ቤቴ ይመጡ ጀመር። «እንዴት ነው የሚኖረው?» ይሉኛል። እኔም በርጩማዬ ላይ ተመቻችቼ እመክራቸው ነበር። እየመከርኩ ግን አንድ ነገር አየሁ። ቃል ሲረክስ ሰው ሁሉ ቀጣፊ ይሆናል ብዬ ነበር፤ አልሆነም። ድሮ ባል «እወድሻለሁ» ብሎ ጀርባውን ሰጥቶ ይተኛ ነበር፤ እሱ ሲተኛ የጸናው ቃል ሥራውን ይሠራለት ነበርና። አሁን ቃሉ የሚሠራለት ሲጠፋ ራሱ ተነሥቶ እንጨት መፍለጥ ጀመረ። ሰው የሰውን አፍ ማየት ትቶ እጁን ማየት ያዘ። ይህን ለዳኛው ስነግራቸው «ይሄን ከየት አመጣኸው?» አሉኝ። «ከመከራ» አልኳቸው። «እኔ ደግሞ ከመጽሐፍ መስሎኝ ልደነግጥ ነበር» አሉ።

ሹማምንቱ ግን ቸኩለዋል። ተሰብስበው አንጓች ደጃፍ ሄዱ፤ እኔም ከኋላ ተከተልኩ። ገመዷን እየገመደች ነበር፤ አልተነሣችም።

«እመቤት» አለ ጓንጉል፤ እመቤት ብሏት አያውቅም ነበር። «እሺ በይውና ልደውል።»

«እሺ ብል በሁለት ደወል መካከል ነው። አይጸናም።»

«እንግዲያው እምቢ በይው።»

«እሱም አይጸናም።»

«ሁለቱም ካልጸና ታዲያ አንዱን ብትይ ምን ይጎዳሻል?»

«ሁለቱም ካልጸና ምን አናገረኝ ብዬ ነው።»

«አገር እኮ ቆሟል» አሉ ሰብሳቢው።

«ጌታዬ፣ አገር የአንዲት ሴት አፍ ሲዘጋ የሚቆም ከነበረ ቀድሞም አልሄደም።»

ዳኛው ሳል አሉ። «ዝም አይነቅዝም ይባላል» አሉ ለማንም ሳይሆን፤ ከዚያ ተነሡና ሌሎቹን ይዘው ሄዱ። እኔ ቀረሁ። ደጃፉ ላይ ቁጢጥ አልኩ።

«አንተም ልትለምነኝ ነው?» አለች።

«ልጠይቅሽ ነው። ካልፈለግሽኝ ንገሪኝ፤ አይጸናም፣ ግን እሰማዋለሁ።»

ገመዱን እግሯ ላይ አኖረችው። «ያን ቀን አፌን ከፍቼ ነበር። እሺ ልል ነበር።»

ልቤ ዘለለች። ዋሽቼ አይደለም፤ ነጠላዬ ሲንቀሳቀስ አይቻለሁ።

«ቆይ፣ አትደሰት» አለች። «'እኔ' ልል ስል ያንተ ድምፅ መጣብኝ። ስንት ዘመን 'እኔ' ስል አንተን ነው። 'እኔ እፈልጋለሁ' ስል የፈለግኸው አንተ ነህ። እና እሺ ብል የማን እሺ ነው? ጠይቀህ፣ በአፌ ለራስህ መልሰህ፣ ቤት ልትገባ? ይሄ ጋብቻ ነው ወይስ ሽንኩርት መግዛት?»

ደጃፉ ላይ የወደቀ ቃጫ አንሥቼ በጣቴ ጠመዘዝኩ።

«ምን ላድርግ?» አልኩ።

«አፍህ አልሁን።»

አሁን ማንም የማንም አፍ አልነበረም፤ ገበያው እጅ በእጅ ሆኗል። ደወሉ የተደወለ ዕለት ግን ያገሬው ቃል ይመለሳል፣ የእኔ አይመለስም። አፍ የሌለው ቃለ ባዶ አንድ ጭብጥ ጨው አይገዛም። ከዚያም በላይ ቅዳሜ አይኖረኝም። እሷን ሳላገኛት የነበረኝን ትንሹን እንኳ ላጣው ነው። እሺ ትለኝ ይሆን አትለኝ ይሆን ገና አላወቅሁም፤ እንድጠይቃትም አልፈቀደችልኝም።

«አትሁኚ» አልኳት።

«ሲደወልም?»

«ሲደወልም።»

«ትራባለህ።»

«እራባለሁ።»

«ቃልህ እኮ አይጸናም፣ ቢሻው።»

«አውቃለሁ። አይተሽ ነው የምታምኚው።»

ገመዷን አነሣች። «ሂድ እንግዲህ» አለች።

በማግስቱ ማለዳ አንጓች ማንንም ሳታስጠራ ሜዳው ላይ ቆማ ተገኘች። ጓንጉል ኮቱን ደርቦ ሳይጨርስ እየሮጠ መጣ፤ ጽላት ካሜራዋን አቆመች፤ ሰው ተሰበሰበ። እኔም ያን ቀን የቆምኩበት ቦታ ሄጄ ቆምኩ። አንጓች አየችኝ። ድምጿ ገበያ ላይ እንደማውቀው ጎላ ያለ አልነበረም፤ ቀጭን ነበር፣ ትንሽም ተሰባብሯል።

«እኔ እንጃ» አለች።

ጓንጉል ወደ ዳኛው ዞረ። «እኔ እንጃ መልስ ነው?»

ዳኛው አሰቡ። «ከሌላ ሰው ብሰማው አይደለም እል ነበር» አሉ። «እሷ ግን አስባበታለች። ደውል።»

ደወለ። ሌላው ሰው ደወሉን ነው የሰማው። እኔ ግን ከአፏ «እኔ» ሲወጣ እኔ ያልነበርኩበትን የመጀመሪያውን ጊዜ ሰማሁ። ደስ ይበለኝ ወይስ ይክፋኝ ሳልወስን ሰው ተበተነ።

አገሩ ወደ ቃሉ ተመለሰ። ሕፃኑ ስም አገኘ። ሙሽሮቹ እንደገና ተጠየቁ፤ እሱ እሺ አለ፣ እሷ አስቤበት አለች። ሰብሳቢው በረንዳ መውጣታቸውን በግድ ተዉ። ጽላት ካሜራዋን ጭና ወንዙን ተሻገረች። ስትሄድ አንድ እፍኝ ቆሎ መዳፌ ላይ አፍስሳ «አሁን ትንሽ ቢሻውን መሰልክ» አለችኝ። ኋላ ከማዶ የመጣ ነጋዴ እንደነገረን፣ ሌባውንም ሙሽሪቱንም ቄጠማ ሻጩንም አውጥታ ጥላ የአንጓችን ዝምታ ብቻ ነው ያስቀረችው። ሰው ተሰልፎ ያየዋል አሉ። «ይህችን ተዋናይት ማን አስተማራት?» ይላሉ አሉ። «ሰውዬው ግን አያሳምንም።»

እኔ ቅዳሜ ብቻዬን ገበያ ወረድኩ። እትዬ ዳሳሽ ከሽንኩርቷ ቀና ብላ «አፍህስ?» አለችኝ።

«የለችም።»

«እና ማን ነው የሚገዛኝ?»

በጣቴ አመለከትኩ። ጣት ቃል ይሁን አይሁን እትዬ ዳሳሽ አታውቅም፤ ሸንጎውን ትጠይቅ ዘንድ ሄደች፤ ሸንጎው እስካሁን እየተወያየበት ነው። ባዶ ዘንቢል ይዤ ተመለስኩ። የሚቀጥለውም እንዲሁ። ሳማ ቀቀልኩ። ቀበቶዬን አጠበቅሁ። የቤቴ በር በአንጓች ደጃፍ ፊት ለፊት ነው፤ ስወጣ ታየኛለች፣ ስገባ ታየኛለች፤ ምንም አትለኝም፣ እኔም አልላትም። አንድ ማለዳ ዳኛ ወንድይፍራው በአጥሬ ላይ ጎመን ወርውረው «ስጦታ ቃል አይፈልግም» ብለው አለፉ። በማግስቱ ዶሮ ወረወሩ። የማን ዶሮ እንደሆነች አልጠየቅሁም።

ክረምቱ ሲወጣ አንጓች ወደ ደጄ መጣች። ከኋላዋ ጓንጉል፣ ዳኛውና እትዬ ዳሳሽ ነበሩ። እትዬ ዳሳሽ «ገበያዬን ጥዬ ነው የመጣሁት፤ ቶሎ በሉ» አለች።

አንጓች አንዴ ጉሮሮዋን ጠረገች። «ክረምቱን ሙሉ የማንም አፍ አልሆንኩም» አለችኝ። «ለራሴ ስናገር ድምፄ ቀጭን ነው ለካ። መጀመሪያ አስጠላኝ፤ አሁን ለመድኩት።» ከዚያ ወደ ምስክሮቹ ዞረች። «እኔ አንጓች፣ ቢሻውን አግብቼዋለሁ።»

«እኔም አግብቼያታለሁ» አልኩ፤ ቸኩዬ ምላሴን ነከስኩ።

«የሱ አይቆጠርም» አለ ጓንጉል፤ ደወል የሌለው እጁ በልማድ ከፍ ብሎ ነበር።

ዳኛው ጢማቸውን ያዙ። ጉዳዩ ለሸንጎ ቀረበ። ሸንጎው መጻሕፍት አገላብጦ እንዲህ ሲል ወሰነ፦ አንጓች ባለ ትዳር ናት፤ ቢሻው ወንደላጤ ነው። አንጓች ባሏን ጥላ ብትሄድ ትጠየቃለች፤ ቢሻው ግን ሚስት የለውምና ነገ ተነሥቶ ቢሄድ የሚጠይቀው የለም። ሰው ሁሉ አዘነላት።

እንዲሁ እየኖርን ነው። ሌሎቹ ባሎች በቃላቸው ታስረዋል፤ እኔን የሚይዘኝ ነገር የለም። የቤቱ በር ክፍት ነው፣ መንገዱም ቁልቁለት ነው፣ እግሬም ደህና ነው። አንጓች ይህን ታውቃለች። በየማለዳው ዓይኗን ሳትገልጥ «ዛሬስ?» ትለኛለች።

መልስ አልሰጣትም፤ የእኔ መልስ ምን ያደርግላታል? ተነሥቼ ጀሪካኑን አነሣና ውኃ ልቀዳ እወርዳለሁ።